ፕራማቴሽ ባሩዋ፤ በራሱ ጥላ የተሸፈነ የሲኒማ ሰው

በአገራችን ሲኒማ ቤቶች የሕንድ ፊልም ያየ ሰው ብዙ ነው። ነገር ግን በዚያ አገር የሲኒማን ጥበብ ካቆሙት ሰዎች የአንዱን እንኳ ታሪክ የሚያውቅ ጥቂት ነው። ስለዚህ ከቀደምቶቹ አንዱ የሆነውን የቤንጋሊ ተዋናይና የፊልም አዘጋጅ የፕራማቴሽ ባሩዋን ሕይወት ባጭሩ ለመጻፍ አሰብሁ። ዘመኖቹ ሁሉ እንደ ኤውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።

ባሩዋ የተወለደው በ1903 ዓ.ም. በሰሜን ምሥራቅ ሕንድ፣ ከቤንጋል ጋር በሚዋሰነው በአሳም ውስጥ፣ ጋውሪፑር በሚባል ስፍራ ነው። አባቱ የዚያ አገር ባላባትና የሰፊ ርስት ጌታ ነበሩ። ልጁም አደን እየወደደ በምቾት ካደገ በኋላ በካልካታ በፕሬዚደንሲ ኮሌጅ ተምሮ በ1924 ዓ.ም. ተመረቀ። የአባቱን ርስት ይዞ በጌትነት ለመኖር ይችል ነበር፤ ልቡ ግን ወደ ሲኒማ አዘነበለ። በዚያ ዘመን ለተከበረ ቤተ ሰብ ልጅ በፊልም መጫወት የሚያስነቅፍ ሥራ እንደ ነበረ መዘንጋት አይገባም።

ባሩዋ ሥራውን የጀመረው ከመሠረቱ ነው። ያን ጊዜ በሕንድ ፊልም የሚነሣው በፀሐይ ብርሃን ስለ ነበረ ደመና በመጣ ቍጥር ሥራው ይቋረጥ ነበር። እሱ ግን ወደ ኤውሮፓ ሄዶ በፓሪስ በኤሌክትሪክ መብራት እንዴት እንደሚሠራ ከተመለከተ በኋላ የሚያስፈልገውን መሣሪያ ይዞ ተመለሰ። በካልካታ የራሱን ድርጅት አቋቋመ፤ በ1931 ዓ.ም. ደግሞ ዴባኪ ቦስ ያዘጋጀውና ባሩዋ ራሱ የተጫወተበት «አፓራዲ» ማለት «ጥፋተኛው» የተባለው ፊልም ታየ። ይህ ፊልም በሕንድ በመብራት ኃይል ከተነሡት የመጀመሪያው መሆኑ ይነገርለታል። ብርሃን ለሰው ከታዘዘ ወዲህ ሌሊትን በሌሊትነቱ፣ ኀዘንንም በፊት ላይ በሚወድቅ ጥላ ማሳየት ተቻለ።

የግል ድርጅቱ ስላልዘለቀ፣ ባሩዋ በ1933 ዓ.ም. ኒው ቴአትርስ ወደሚባለው ታላቅ የካልካታ የፊልም ድርጅት ገባ። በ1935 ዓ.ም. ስሙን ያስጠራውን «ዴቭዳስን» በቤንጋሊ ቋንቋ አዘጋጀ፤ ዋናውንም ሰው ሆኖ ተጫወተ። ታሪኩ ሳራት ቻንድራ ቻቶፓድያይ ከደረሰውና በ1917 ዓ.ም. ከታተመው ልብ ወለድ የተወሰደ ነው። ዴቭዳስ የባላባት ልጅ ነው። አብራው ያደገችውን ፓርቫቲን ሲወድ ወላጆቹ ይከለክሉታል፤ እሱም ለመቃወም ወኔ ያጣል። እርስዋ ለሌላ ከተዳረች በኋላ ራሱን ለመጠጥ ይሰጥና በመጨረሻ በደጃፍዋ ወድቆ ይሞታል።

የቲያትር ተዋናዮች ድምፃቸውን ከፍ አድርገው፣ እጃቸውን እያወናጨፉ መናገር የለመዱ ነበሩ። ባሩዋ ግን ዝግ ባለ አነጋገርና በዝምታ ተጫወተ። በፊልሙ ውስጥ ዴቭዳስ በባቡር ታምሞ ሲጣራ፣ በሩቅ አገር ያለችው ፓርቫቲ በዚያው ቅጽበት ስትደናቀፍ ትታያለች። የሁለት ሰዎች ልብ መተሳሰሩን አንድም ቃል ሳይነገር በሥዕል ብቻ ማስረዳት ለዚያ ዘመን አዲስ ጥበብ ነበር። ከዚህ በኋላ ያንኑ ታሪክ ዘፋኙን ሳይጋልን ይዞ በሂንዲ ቋንቋ አዘጋጀው፤ ዝናውም በመላ ሕንድ ተሰማ።

ሕዝቡ ግን ሰውየውንና የተጫወተውን ሰው መለየት ተሳነው። ባሩዋ እውነትም መጠጥ ያበዛ ነበር፤ ጤናውም ተጎድቶ በ1951 ዓ.ም. በ48 ዓመቱ ሞተ። ስለዚህ ብዙዎች «ዴቭዳስ እሱ ራሱ ነው» እያሉ ሕይወቱን በልብ ወለዱ ልክ ሰፉት።

በእኔ አስተያየት ይህ ፍርድ ትክክል አይደለም። መጠጡ እንደ ጎዳው መሸሸግ አይገባም። ይሁን እንጂ ዴቭዳስ በዕድሜው አንዳች ሥራ ሳይሠራ የሞተ ሰው ነው። ባሩዋ ግን ባሕር ተሻግሮ ዕውቀት አመጣ፤ በ1937 ዓ.ም. ካናን ዴቪ የተጫወተችበትን «ሙክቲን»፣ በ1939 ዓ.ም. ደግሞ «ራጃት ጃያንቲ» የተባለውን የሚያስቅ ፊልም አዘጋጀ። የሂንዲውን «ዴቭዳስ» በካሜራ ያነሣለት ቢማል ሮይ በኋላ ራሱ ታላቅ አዘጋጅ ሆኖ ያንኑ ታሪክ በ1955 ዓ.ም. እንደ ገና ሠራው። እንዲህ ያለውን ፍሬ ያፈራ ሰው በስንፍና የጠፋ ሊባል አይችልም።

ዛሬ የቤንጋሊው «ዴቭዳስ» ከፊሉ ተበላሽቶ፣ የቀረው በባንግላዴሽ የፊልም ቤተ መዛግብት ተጠብቆ ይገኛል። ስም ከመቃብር በላይ ይውላል ይባላል። የሚውለው ግን የሰውየው የራሱ ስም እንዲሆን፣ የሠራውን ሥራ ከተወራበት ወሬ ለይቶ መጻፍ ታሪክ ለሚጽፍ ሁሉ ግዴታው ነው።