የሴቶች 3,000 ሜትር መሰናክል
እንጨትና ብረት፣ 21ኛው ክፍለ ዘመን። በዓለም አቀፍ ውድድሮች የሚያገለግል ዓይነት።

ቁመቱ 76.2 ሴንቲ ሜትር ነው። እንደ አጭር ርቀት መሰናክል ሲነካ አይወድቅም፤ ክብደቱ ከ80 እስከ 100 ኪሎ ግራም ይደርሳል። የላይኛውን አግዳሚ ልብ ይበሉ፦ 12.7 ሴንቲ ሜትር ውፍረት ስላለው ሯጯ ከፈለገች ረግጣው ታልፋለች። በአንድ ውድድር 28 ጊዜ እንዲህ ያለውን፣ 7 ጊዜ ደግሞ ውሃ ያለበትን ትሻገራለች። ሴቶች በዚህ የመሰናክል ሩጫ በኦሊምፒክ መወዳደር የጀመሩት በ2008 እ.ኤ.አ. ቤጂንግ ላይ ነው።

ቻይናዊቷ ሊ ዠንዡ በ2014 እ.ኤ.አ. በደቡብ ኮሪያ ኢንቾን በተካሄደው የእስያ ጨዋታዎች ይህንኑ ሩጫ በ9 ደቂቃ ከ35.23 ሰከንድ ጨርሳ ሁለተኛ ወጣች። በ9 ደቂቃ ከ31.36 ሰከንድ አንደኛ የገባችው የባህሬን ሯጭ ሩት ጄቤት ከመሮጫው መስመር ወጥታለች ተብላ ውጤቷ ሲሰረዝ ሊ የወርቅ ባለቤት ተባለች። ውሳኔው ተሽሮ ወርቁ ለጄቤት ሲመለስ ሊ ወደ ብር ዝቅ አለች። ይህ ክርክር የሊን ሩጫ ሊጋርደው አይገባም፤ 35 መሰናክሎች ከተሻገሩ በኋላ ከሦስተኛዋ ሕንዳዊት ላሊታ ባባር የለያት 0.14 ሰከንድ ብቻ ነበር።