ስለ አንድ የሙዚቃ ጓድ መነሣትና መበተን

ብዙ ሰዎች ተባብረው የሠሩት ነገር አምሮ ሲታይ፣ ውበቱ ከየትኛው እጅ እንደ መጣ ለይቶ መናገር ያስቸግራል፤ ከፈረሰ በኋላ ግን የእያንዳንዱ ሰው ድርሻ በጉድለቱ ይታወቃል። በአሜሪካ አገር በሳን ፍራንሲስኮ ከተማ በ1966 ዓ.ም. የተቋቋመው «ስላይ ኤንድ ዘ ፋሚሊ ስቶን» የተባለው የሙዚቃ ጓድ ታሪክ ለዚህ ማስረጃ ይሆናል። (እዚህ የሚጠቀሰው ዘመን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።) ስሙ ወደ አማርኛ ሲመለስ «ስላይና የስቶን ቤተሰብ» እንደ ማለት ነው። ሙዚቃውም ሳይኬዴሊክ ሶል ይባላል፤ ይኸውም ከጥቁር አሜሪካውያን ቤተ ክርስቲያን የፈለቀውን የሶል ዜማ ከሮክ የኤሌክትሪክ ጊታር ጩኸትና አእምሮን ከሚያዞር የድምፅ ጨዋታ ጋራ ያደባለቀ ነው።

መሪው ስላይ ስቶን በ1943 በቴክሳስ ተወለደ፤ ወላጆቹ ያወጡለት ስም ሲልቬስተር ስቱዋርት ነበር። ቤተሰቡ ወደ ካሊፎርኒያ፣ ቫሌሆ ወደምትባል ከተማ ተዛወረ፤ ልጆቹም በመዝሙር አደጉ። ሲልቬስተር ገና ሕፃን ሳለ ከወንድሙና ከእኅቶቹ ጋራ መንፈሳዊ መዝሙር በሸክላ አስቀረጸ። አድጎም በሬዲዮ ጣቢያ ሸክላ እየመረጠ ለሕዝብ የሚያሰማ ሆነ፤ ጣቢያው የጥቁሮች ሙዚቃ የሚሰማበት ሲሆን፣ እርሱ ግን የእንግሊዞቹን የቢትልስን ዘፈን ጭምር ያሰማ ነበር።

ጓዱንም ሲያቋቁም እንዲሁ አደረገ። ወንድሙ ፍሬዲ ጊታር፣ ላሪ ግራሃም ባስ ጊታር፣ ሲንቲያ ሮቢንሰን ትራምፔት ያዙ፤ ከበሮው ለግሬግ ኤሪኮ፣ ሳክስፎኑ ለጄሪ ማርቲኒ ተሰጠ፤ እነዚህ ሁለቱ ነጮች ናቸው። እኅቱ ሮዝ በ1968 ተጨመረች። ይህ ነገር ዛሬ ቀላል ይመስል ይሆናል፤ ዳሩ ግን ወጣት አንባቢዬ፣ ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ በ1967 እስኪሽረው ድረስ በአሜሪካ 16 ግዛቶች ነጭና ጥቁር መጋባት በሕግ የተከለከለ እንደ ነበር አስታውስ። ሴት ልጅም መድረክ ላይ የምትወጣው አብዛኛውን ጊዜ ልትዘፍን እንጂ ትራምፔት ልትነፋ አልነበረም።

ስለ ላሪ ግራሃም ጥቂት ልጨምር። ይህ ሰው ባስ ጊታር የጀመረው ፈልጎ አይደለም። በወጣትነቱ ከእናቱ ጋራ በየመሸታ ቤቱ ይጫወት ነበር፤ እርስዋ ፒያኖ እየመታች ትዘፍናለች፣ እርሱ ጊታር ይዞ የኦርጋኑን ወፍራም ድምፅ በእግሩ ይረግጣል። ኦርጋኑ ተበላሸ። እስኪጠገን ድረስ ብሎ ባስ ጊታር ተከራየ፤ ኦርጋኑ ግን አልተጠገነም። በኋላም ከበሮ መቺው ቀርቶ እናትና ልጅ ሁለት ብቻ ሲሆኑ፣ የጎደለውን ለመሙላት ክሩን በአውራ ጣቱ ይመታ፣ በሌላው ጣቱም ስቦ ይለቅ ጀመር፤ ምቱ በትልቁ ከበሮ፣ መሳቡ በትንሹ ከበሮ ፈንታ ሆነ። ዛሬ ባስ የሚማር ወጣት ሁሉ የሚለማመደው አመታት በእንዲህ ያለ ችግር የተገኘ ነው።

በዘፈናቸው ውስጥ አውጪና ተቀባይ የሚባል ልዩነት አልነበረም። አራቱ ድምፆች ቃሉን ከአፍ ለአፍ ይቀባበሉታል፤ አንዱ የጀመረውን ሌላው ይጨርሰዋል። በ1967 ያወጡት የመጀመሪያ አልበም ገበያ አጣ፤ በ1968 ግን «ዳንስ ቱ ዘ ሚዩዚክ» ስማቸውን አስጠራ፤ በ1969 መጀመሪያ ደግሞ ስለ ሰው ልጅ እኩልነት የሚናገረው «ኤቭሪዴይ ፒፕል» በአሜሪካ አንደኛ ሆነ። በዚያው ዓመት በኦገስት ወር በዉድስቶክ በዓል ከ400,000 በላይ ሕዝብ በተሰበሰበበት ሜዳ፣ ሊነጋ ጥቂት ሰዓት ሲቀረው ወጥተው የተኛውን ሕዝብ አስነሡት። ስመ ጥር የነበሩት ቴምፕቴሽንስ እንኳ የእነርሱን ፈለግ ተከትለው አዘፋፈናቸውን ለወጡ።

ከዚያ በኋላ ስላይ ወደ ሎስ አንጀለስ ሄደ፤ ኮኬይንና ሌላም አደንዛዥ ዕፅ በቤቱ ገባ። በ1970 ከ80 ያህል ዝግጅቶች በ26ቱ ሳይገኝ ቀረ። ትኬት የገዛ ሰው ቆሞ ይጠብቃል፤ ስድስቱ ጓደኞቹም መሣሪያቸውን ይዘው ይጠብቃሉ። በዚያ ዓመት ጁላይ 27 ቀን በቺካጎ፣ ግራንት ፓርክ በተባለው ቦታ በነፃ ሊጫወቱ ሳለ ሁከት ተነሣ፤ ከመቶ ሰው በላይ ቆሰለ። ጥፋቱን ሁሉ በስላይ ላይ ማላከክ ልክ አይመስለኝም፤ ሁከቱ የተነሣው እነርሱ ገና ሳይጀምሩ ነውና። ነገር ግን ጓዱ አልጫወትም ብሏል ተብሎ ሲወራ፣ ወሬውን ለማመን የሚቸገር ሰው አልነበረም።

በ1971 ያወጣው አልበም «ዜርስ ኤ ራዮት ጎዊን ኦን» ይባላል። አብዛኛውን ብቻውን ሆኖ ሠራው፤ ግሬግ ኤሪኮ ጓዱን ትቶ ሲሄድ ቦታውን በከበሮ ፈንታ በሚመታ መኪና ተካ። ቴፑ ደጋግሞ እየተጠፋ ስለ ተቀዳበት ድምፁ የደበዘዘ፣ ከጭጋግ ውስጥ የሚመጣ ይመስላል። እንግዲህ ነገሩ የሚከብደው እዚህ ላይ ነው፤ ይህ አልበም በሽያጭ አንደኛ ሆነ፣ ብዙ ዐዋቂዎችም ከሥራዎቹ ሁሉ አብልጠው ያደንቁታል። ውበቱን እኔም አልክድም። ስብራቱን ሳይሸሽግ አስቀርጾታልና፣ በ1969 ተስፋ ያደረገው የአሜሪካ ሕዝብም በዚያ ድምፅ ውስጥ የራሱን ሐዘን ሰማ። ቢሆንም ቃሉን የሚቀባበሉት ድምፆች በውስጡ የሉም ለማለት ይቻላል።

በ1972 ላሪ ግራሃም ተለይቶ የራሱን ጓድ አቋቋመ። በጃኑዋሪ 1975 በኒው ዮርክ፣ ሬዲዮ ሲቲ ሚዩዚክ ሆል በተባለው ታላቅ አዳራሽ ሲጫወቱ ከስምንት ወንበር ሰባቱ ባዶ ነበር። የቀሩትም ወደ አገራቸው መመለሻ ገንዘብ አዋጥተው ተበተኑ። ፍሬዲ ኋላ ወደ ቫሌሆ ተመልሶ ፓስተር ሆነ። ስላይ በ2011 በሎስ አንጀለስ በመኪና ውስጥ እንደሚኖር ጋዜጣ ጻፈ፤ ጁን 9 ቀን 2025 በ82 ዓመቱ ዐረፈ።

ከዚህ በፊት በ1993 በታላላቅ የሮክ ሙዚቀኞች መዝገብ ስማቸው ሲገባ ጓዱ ተጠርቶ ነበር። ጓደኞቹ ቀድመው መድረክ ላይ ቆሙ። ይመጣል ያለ አልነበረም፤ ስላይ ግን ዘግይቶ ከኋላቸው ብቅ አለ፣ ጥቂት ቃል ተናገረ፣ ወዲያውም ሄደ።