ከሞዴልነት ወደ ደራሲነት፦ የአን ቪያዜምስኪ ሁለት ሙያዎች

በፊልም ታሪክ መጻሕፍት የአን ቪያዜምስኪ (1947–2017 እ.ኤ.አ.) ስም ብቻውን የሚነሣበት ጊዜ ጥቂት ነው። የብሬሶን ግኝት፣ የጎዳር ሚስት፣ የኖቤል ተሸላሚው የፍራንሷ ሞሪያክ የልጅ ልጅ ትባላለች። ደራሲነቷም ለተዋናይነቷ እንደ ተቀጥላ ይታያል። የሥራዎቿ ቅደም ተከተል ግን ይህን አይደግፍም።

ሮቤር ብሬሶን «ኦ አዛር ባልታዛር»ን በ1965 ሲቀርጽ አን 18 ዓመቷ ነበር። ብሬሶን ሙያተኛ ተዋናይ አይወድም ነበር፤ የሚያሠራቸውን ሰዎች «ሞዴል» ይላቸው ነበር። ስሜቱ ከድምፃቸው እስኪጠፋ ድረስ ያንኑ ንግግር ደጋግመው እንዲሉት ያደርግ ነበር። አን በተጫወተችው በማሪ ገጸ ባሕርይ የተገኘው ውጤት ድንቅ ነው፤ የተገኘው ግን ተናጋሪዋ ለንግግሯ ባዕድ እንድትሆን ተደርጎ ነው።

ከጎዳር ጋር የነበራት ግንኙነት የተጀመረው ራሷ በ1966 በጻፈችለት ደብዳቤ ነው። በ1967 ተጋቡ፤ በዚያው ዓመት የጎዳር ፊልም «ላ ሺኑዋዝ» ወጣ። በፊልሙ የባቡር ትዕይንት ውስጥ አን የምትጫወታት አክራሪዋ ተማሪ ቬሮኒክ ዩኒቨርሲቲዎችን በቦንብ ስለ መዝጋት ከፈላስፋው ፍራንሲስ ዣንሶን ጋር ትከራከራለች። ዣንሶን በአልጄሪያ ጦርነት ጊዜ ለነጻነት ታጋዮች የድጋፍ መረብ ያደራጀ፣ አንንም በእውን ፍልስፍና ያስጠና ሰው ነው። እሱ የሚናገረው የራሱን ሐሳብ ሲሆን፣ የእሷን መልስ ግን ጎዳር በጆሮ ማዳመጫ ያቀብላት ነበር። ስለዚህ ተመልካቹ የሚሰማው ክርክር በመሠረቱ የሁለት ወንዶች ነው። (ትዕይንቱ ዛሬም «የቬሮኒክ አቋም» ተብሎ መተንተኑ ያስገርማል።)

ከዚያ በፓዞሊኒ «ቴዎሬማ» (1968)፣ ቆይቶም በፊሊፕ ጋሬል «ላንፋን ስክሬ» (1979) ተጫወተች።

የመጀመሪያ መጽሐፏ፣ የአጫጭር ልቦለዶች ስብስብ፣ በ1988 ታተመ። «ካኒን» በ1993 የሁለተኛ ደረጃ ተማሪዎች የሚመርጡትን የጎንኩር ሽልማት አገኘ፤ ከሩሲያ የተሰደደውን የአባቷን ወገን ታሪክ መነሻ ያደረገው «ዩን ፗኜ ደ ዣን» ደግሞ በ1998 የፈረንሳይ አካዳሚን ታላቁን የልቦለድ ሽልማት ወሰደ። ስለ ብሬሶን የሚተርከው «ዠን ፊይ» የወጣው ግን በ2007 ነው፤ ስለ ጎዳር የሚተርኩት ሁለቱ መጻሕፍት በ2012 እና በ2015 ተከተሉ። ስሟን በሥነ ጽሑፍ ያስከበረችው እንግዲህ የታዋቂዎቹን ወንዶች ታሪክ ሳትነካ ነው። ወደ እነሱ ስትመለስም መጻሕፍቱ የታተሙት በልቦለድነት ነው። በነዚህ ገጾች ብሬሶንና ጎዳር ገጸ ባሕርያት ናቸው፤ መቼ ምን እንደሚናገሩ የምትወስነው እሷ ናት።

ሚሼል አዛናቪሲዩስ ከ2015ቱ ልቦለዷ ተነሥቶ የሠራው ፊልም «ለ ረዱታብል» በ2017 በካን ፊልም ፌስቲቫል ሲታይ፣ የታሪኩ ማዕከል ተመልሶ ጎዳር ሆነ። እሷም በዚያው ዓመት በኦክቶበር ወር ዐረፈች። ቪያዜምስኪን የሚያጠና ሰው ንባቡን ከ2012 ሳይሆን ከ1988 ይጀምር።