የተቃርኖ ወላጅነት በትረካ ውስጥ፤ ስለ ክብረ ነገሥትና ስለ በላዔ ሰብእ ታሪክ
የጥንት ታሪኮችን የሚመረምሩ ሊቃውንት በአንድ ትረካ ውስጥ ሁለት የማይስማሙ ነገሮች ባገኙ ጊዜ ጉድለት አገኘን ማለት ልማዳቸው ነው። ጸሓፊው ሁለት ምንጮችን ሳያስታርቅ አጋጠማቸው ይላሉ፤ አለዚያም ገልባጩ ተሳስቷል ይላሉ። ይህ በብዙ ስፍራ እውነት መሆኑ አይካድም። ነገር ግን በኢትዮጵያ ትረካዎች ዘንድ ተቃርኖው ለታሪኩ ማሕፀን ሆኖ የሚገኝበት ጊዜ አለ። ታሪኩ የሚያድገው፥ ከአገር ወደ አገር ሲተላለፍም መልኩን የሚለውጠው፥ የማይታረቀው ነገር ባለበት ቦታ ላይ ነው። አሳቡ በሁለት የታወቁ ታሪኮች ሊፈተን ይችላል።

የመጀመሪያው ክብረ ነገሥት ነው። መጽሐፉ ዛሬ ባለው መልኩ በ14ኛው ምእት ዓመት መጀመሪያ፥ በዐፄ ዐምደ ጽዮን ዘመን፥ በአክሱሙ ይስሐቅና በጓደኞቹ እጅ እንደ ተዘጋጀ ሊቃውንት ይቀበላሉ። በመጨረሻው ላይ ያለው ማስታወሻ ግን ዐረብኛው ቀደም ብሎ በላሊበላ ዘመን እንደ ነበረና ዛጔዎች ይነግሡ ስለ ነበር ወደ ግዕዝ እንዳልተመለሰ ይናገራል፤ ከእስራኤል ወገን ያልሆነ ንጉሥ ሕግ አፍራሽ ነው የሚል መጽሐፍ በእነርሱ አደባባይ ሊነበብ አይችልምና። ማስታወሻው እውነት ይሁን አይሁን፥ መጽሐፉ ለራሱ የሰጠው የልደት ታሪክ በክልከላ የተጀመረ መሆኑ ልብ ሊባል ይገባል።

ወደ ትረካው ሲገባ ትልቁ ተቃርኖ በንግሥቲቱና በሰሎሞን መካከል የተደረገው መሐላ ነው። ንጉሡ በግድ እንዳይደርስባት ይምላል፤ እርስዋም ከቤቱ ንብረት አንዳች እንዳትወስድ ትምላለች። ጥማት የሚያመጣ ምግብ ከቀረበላት በኋላ ሌሊት ተነሥታ ውሃ ትጠጣለች፤ እርሱም እጇን ይይዛል። ውሃ መጠጣት መሐላ ማፍረስ ነውን? ብላ ስትከራከር፥ ከሰማይ በታች ከውሃ የሚበልጥ ነገር አይታ እንደ ሆነ ይጠይቃታል። ስለዚህ ለሁሉ በነጻ የሚሰጠው ነገር ከሁሉ የከበረ ንብረት ሆኖ ተገኘ፤ ጥበብን ልትፈልግ የመጣችውም በጥበብ ተያዘች። ንጉሡ መሐላውን ጠብቋል ወይስ አፍርሷል? መጽሐፉ አይፈርድም። ከዚያ ሌሊት ግን የአንድ መንግሥት ዘር ይወለዳል።

በቁርኣን ሱረቱ አን-ነምል ንግሥቲቱ የመስተዋቱን ወለል ውሃ መስሏት ልብሷን ትሰበስባለች፤ በአይሁድም ዘንድ በታርጉም ሸኒ እንዲህ ያለ ነገር አለ። በእነዚያ ውሃው የዐይን ስሕተት ነው፤ በግዕዙ ግን እውነተኛ ውሃ ሆኖ ሕግን ይፈጥራል። ኤኖ ሊትማን እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ1904 ባሳተመው የትግረ ቋንቋ ትረካ ደግሞ ንግሥቲቱ እግርዋ የአህያ እግር ይሆናል፤ ይህም የዘንዶው ደም ስለ ነካት ነው፤ ወደ ሰሎሞን ቤት ስትገባ ትድናለች። በዚያ ትረካ ወንድ መስላ ትመጣለች፤ ንጉሡም ሴትነትዋን የሚያውቀው ሌሊት ማር ስትቀምስ ነው። ውሃው ማር ሆነ፤ የሌሊቱ መያዝ ግን እንዳለ ቀረ። ተራኪዎች ሊለውጡ የደፈሩት በዚያው በማይታረቀው ስፍራ ላይ ነው። በአንጻሩ ስለ ክርስቶስ የተነገሩ ትንቢቶችን የሚዘረዝሩት የክብረ ነገሥት ምዕራፎች ለሕዝብ ትረካ ይህን ያህል አልዋለዱም፤ ትምህርታቸው ጽኑ ነው፥ ክርክር ግን የላቸውም።

ታቦተ ጽዮንም እንዲሁ ነው። የካህኑ የሳዶቅ ልጅ አዛርያስ ይወስዳታል፤ የሚመራው ግን መልአክ ነው። ምኒልክ ሩቅ እስኪሄድ ድረስ አያውቅም። ሰሎሞን ተከታትሎ ሳይደርስባቸው ሲቀር፥ ታቦቷ መሄዷ እንዳይታወቅ በስፍራዋ የተተካው እንጨት እንዲሸፈን ያደርጋል። ስርቆትም ነው፥ ፈቃድም ነው።

ሁለተኛው በተአምረ ማርያም የሚገኘው የበላዔ ሰብእ ታሪክ ነው፤ ይህም የካቲት 16 በኪዳነ ምሕረት በዓል የሚታሰብ ነው። የቅምር ሰው ሰባ ስምንት ነፍስ በልቶ፥ በድንግል ማርያም ስም ለለመነው ለምጻም ጥርኝ ውሃ በመስጠቱ ይድናል። በሚዛኑ ላይ የእመቤታችን ጥላ ባረፈ ጊዜ ውሃው ይከብዳል። ይህን የሰማ ሁሉ፥ ሰውየው እንዴት እንዲህ ሆነ? ብሎ ሳይጠይቅ አያልፍም፤ ከጥያቄውም ሌላ ትረካ ተወልዷል። በቃል በሚነገረው ትውፊት በላዔ ሰብእ አስቀድሞ እንደ አብርሃም እንግዳ ተቀባይ ነበር፤ ሰይጣን በሥላሴ አምሳል መጥቶ ልጁን እንዲያርድለት ጠየቀው፥ እርሱም አረደ፥ ከሥጋውም ቀመሰ። የእንግዳ ፍቅር ራሱ የጥፋቱ በር ሆነ። ይህ ተጨማሪ ክፍል የፊተኛውን እንቆቅልሽ ሊፈታ መጥቶ ከእርሱ የሚብስ አመጣ።

እዚህ ላይ ተቃውሞ ሊነሣ ይችላል። ታሪኮቹ የተስፋፉት በየበዓሉ ስለሚነበቡና ነገሥታት ስለ ደገፏቸው ነው ይባላል። ዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ (1434–1468 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር) ተአምረ ማርያም በእመቤታችን በዓላት እንዲነበብ ማዘዙ የታወቀ ነው፤ ንባብ ትረካን እንደሚያስፋፋም ግልጽ ነው። ሆኖም ከዚያው መጽሐፍ አብረው የተነበቡ ብዙ ተአምራት እያሉ በላዔ ሰብእ ብቻውን ከመጽሐፍ ወጥቶ በገበያና በቤት ውስጥ መነጋገሪያ የሆነበትን ምክንያት ትእዛዙ አይገልጥም።

ሕግ እንዲህ ያለውን ነገር አይታገሥም። በ1923 ዓ. ም. የወጣው፥ በ1948 ዓ. ም. የተሻሻለውም ሕገ መንግሥት የንጉሡን ዘር ከሰሎሞንና ከንግሥተ ሳባ ልጅ ከምኒልክ ቀዳማዊ ይቈጥራል። መሐላው፥ ውሃው፥ የታቦቷም መወሰድ በአንቀጹ ውስጥ የሉም። አንቀጹ በ1967 ዓ. ም. ከነመንግሥቱ ፈረሰ። ትረካው ግን ከነተቃርኖው መነገሩን አላቋረጠም።

እንግሊዞች በ1868 እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ከመቅደላ ከወሰዷቸው መጻሕፍት መካከል ክብረ ነገሥት ይገኝ ነበር። ከአራት ዓመት በኋላ ዐፄ ዮሐንስ 4ኛ ያለዚህ መጽሐፍ ሕዝባቸው እንደማይታዘዝላቸው ገልጠው እንዲመለስላቸው ወደ ለንደን ጻፉ፤ መጽሐፉም ተመለሰ። የተወሰደውን ቅዱስ ነገር በክብር የሚተርክ መጽሐፍ ራሱ ተወስዶ፥ ባለቤቱ በደብዳቤ አስመለሰው።