በሰው ስም ስለ ተሸሸገ ሰው



በጋምቤላ ምድር ለሚኖር ሰው ስለ ስደተኛ ብዙ ማስረዳት አያስፈልግም። ከሱዳን ጦርነት ሸሽቶ የመጣውን ሕዝብ ይህ አገር በኢታንግና በፑኝዶ ተቀብሎ አስተናግዶአል። ስደተኛ ቤቱንና ከብቱን ጥሎ ሲመጣ በእጁ የሚቀረው ስሙ ነው፤ መዝጋቢውም ብዙ ጊዜ ከቃሉ በቀር ሌላ ምስክር አያገኝም። ይህ እምነት ሲጐድል የሚሆነውን የሚያስረዳ እውነተኛ ታሪክ ስላለ በአጭሩ እንጽፈዋለን።

በ1969 እና በ1970 ዓ.ም. ቀይ ሽብር በተባለው የመከራ ዘመን በአዲስ አበባ፥ ከፍተኛ 15 በተባለው ስፍራ እስር ቤት ነበረ። በዚያም ብዙ ወጣቶች ታስረው ተገረፉ፤ የተገደሉትም ጥቂቶች አይደሉም። ከጠባቂዎቹ አንዱ ከፈለኝ ዓለሙ ይባል ነበር። ይህ ሰው ከጊዜ በኋላ በኬንያ ተቀመጠ። በዚያም ለልጆቹ ሲል ወደ አሜሪካ ሊሻገር የነበረ አንድ አባት በሕመም ምክንያት መሄድ ሳይችል ቀረ። ከፈለኝም የዚያን አባት ስም ይዞ፥ የልጆቹ አባት እኔ ነኝ ብሎ በ1996 ዓ.ም. ወደ አሜሪካ ገባ። በኮሎራዶ ክፍል በዴንቨር ከተማ ተቀመጠ፤ በዚያው ስምም የአገሩን ዜግነት ተቀበለ።

ነገር ግን በመዝገብ የተለወጠው ስም ፊቱን አልለወጠውም። በ2003 ዓ.ም. ኢትዮጵያውያን በሚሰበሰቡበት አንድ ምግብ ቤት አጠገብ፥ ቀድሞ በከፍተኛ 15 ታስሮ የነበረ ሰው አየውና ዐወቀው። ከሠላሳ ዓመት በላይ አልፎ ነበር፤ የተገረፈ ሰው ግን የገረፈውን አይረሳም። ነገሩ ለመንግሥት ተነግሮ ከተመረመረ በኋላ በነሐሴ ወር 2004 ዓ.ም. ተያዘ።

የቀረበበት ክስ የነፍስ ግድያ አልነበረም፤ በሐሰት ዜግነት ማግኘት፥ በሐሰት ወረቀት መግባትና የሌላውን ሰው ስም መውሰድ ነበር። ሆኖም የቀድሞ እስረኞች ከዳኛው ፊት ቆመው ያዩትንና የደረሰባቸውን መሰከሩ። በ2006 ዓ.ም. ጥፋተኛ ሆኖ የ22 ዓመት እስራት ተፈረደበት።

እንግዲህ የዚህ ሰው በደል ሁለት ነው። አንደኛው በእስር ቤት የፈጸመው ነው፤ ሁለተኛው የእውነተኞቹን ስደተኞች ቃል ማስጠርጠሩ ነው። አንድ ሰው በሐሰት ስም በገባበት በር ዛሬ በእውነተኛ ስሙ የሚመጣው ምስኪን ይመረመርበታል፤ ይዘገይበታል፤ አንዳንዴም ይመለስበታል።

አባቶቻችን ስም ከመቃብር በላይ ይውላል ይላሉ። ሕፃን በአርባ ቀኑ ወይም በሰማንያ ቀኗ የሚሰጠው የክርስትና ስም በጸሎትም፥ በንስሐም፥ በፍትሐትም ይጠራበታል። በሰው ስም ተሸፍኖ የሚኖር ግን ይቅርታ እንኳ ቢሻ በማን ስም ይለምናል? የንስሐ መጀመሪያው፥ ያደረግሁት እኔ ነኝ፥ ስሜም ይህ ነው ማለት ነውና።