ከመጋረጃ በስተኋላ የቀረው ተዋናይ

በአዲስ ከተማ ያደገ ሰው «አባባ ተስፋዬ» ሲባል ፊቱ ድቅን የሚልበት ተረት ነጋሪው ሽማግሌ ነው። ይሁን እንጂ ተስፋዬ ሣህሉ በቴሌቪዥን ለሕፃናት ከመቅረባቸው በፊት ለዓመታት ሕዝብ ሲያሥቁ የኖሩ የመድረክ ተዋናይ ነበሩ። የመድረክ ሥራ መጋረጃው ሲዘጋ አብሮ የሚያልፍ በመሆኑ፣ ይህ የሕይወታቸው ክፍል ከብዙዎች ተሰውሯል።

ተስፋዬ በ1915 ዓ.ም. በባሌ ተወለዱ። ልጅነታቸው በጠላት ወረራ ተቋረጠ። ወራሪው ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. አዲስ አበባን ነጭና ጥቁር ብሎ ለመከፋፈል ባወጣው ፕላን የአገሬውን ገበያ ከአራዳ አንሥቶ ወደ ምዕራብ አዛወረ፤ መርካቶ የሚለው ስምም ከዚያ ዘመን የቀረ ነው። ከነፃነት በኋላ ገበያው በአዲስ ከተማ ጸንቶ ሲቀር፣ በ1927 ዓ.ም. የተቋቋመው የሀገር ፍቅር መድረክ ግን እዚያው አራዳ ነበር። የመርካቶ ነጋዴና ተሸካሚ መደበኛ ቴአትር ለማየት ወደ አራዳ መውጣት ነበረበት።

ተስፋዬ ሙያውን የጀመሩት በማዘጋጃ ቤቱ የቴአትር ክፍል ነው። በዚያን ጊዜ ሴት ልጅ በመድረክ መታየቷ እንደ ነውር ይቆጠር ስለነበረ፣ የሴቶቹን ገጸ ባሕርያት ወንዶች ይጫወቱ ነበር፤ ተስፋዬም ከእነዚህ አንዱ ነበሩ። ቀሚስ ለብሶ ብቅ ማለት ብቻውን ለጥቂት ጊዜ ያሥቃል። ሣቁ እስከ መጨረሻው እንዲዘልቅ ግን ተዋናዩ የድምፅን፣ የአረማመድንና የአነጋገርን ልዩነት አጥንቶ ሌላ ሰው መሆን አለበት። ልማዱ በሴቶች ላይ በር የዘጋ ቢሆንም፣ ለወጣቱ ተዋናይ የባሕርይ ትወና ትምህርት ቤት ሆኖታል።

በ1943 ዓ.ም. የመጀመሪያው የቃኘው ሻለቃ ወደ ኮርያ ዘመተ። ተስፋዬም በዚያ ጦርነት ዘመን ወታደሮቹን ለማዝናናት ወደዚያው ተጓዙ። ከአገራቸው ለራቁ ወታደሮች በአማርኛ መቀለድ ምን ያህል ዋጋ እንደነበረው መገመት አያዳግትም። በኋላም በ1948 ዓ.ም. በተከፈተው፣ ዛሬ ብሔራዊ ቴአትር በሚባለው ቤት ሠርተዋል። እንደ ዘመኑ ተዋንያን ሁሉ ትወናን ከዘፈን ጋር ያጣመሩ ሲሆን፣ ምትሐትም ያሳዩ ነበር።

በ1957 ዓ.ም. የኢትዮጵያ ቴሌቪዥን ሥራ ሲጀምር ተስፋዬ ገና በአርባዎቹ መጀመሪያ ላይ ነበሩ። ከዚያ ወዲህ ከአርባ ዓመት በላይ በዘለቀው የልጆች ፕሮግራም፣ የመርካቶ ልጅ አራዳ ሳይወጣ፣ ቴሌቪዥን ባለው ጎረቤት ቤት ተሰብስቦ ተዋናዩን ለማየት በቃ። ቀድሞ ሲኒማ የነበረው ራስም ከአብዮቱ በኋላ ወደ ቴአትር ቤትነት ሲለወጥ፣ መድረኩ ራሱ ወደ ገበያው ወረደ።

ተስፋዬ ሣህሉ በሐምሌ 2009 ዓ.ም. በ94 ዓመታቸው ዐረፉ። ተረት መንገራቸው ከትወና መሰናበት ተደርጎ መታየት የለበትም። ጅቡንና ጦጣውን በየድምፃቸው ያናገረው፣ በማዘጋጃ ቤት መድረክ ሴት ሆኖ ይቀርብ የነበረው ያው ተዋናይ ነው። እሳቸውን በሽማግሌነታቸው ብቻ ማስታወስ፣ ከብዙ ገጸ ባሕርያት የመጨረሻውን ብቻ አይቶ ቴአትሩን አየሁ እንደ ማለት ይሆናል። ቀሪውን መዝግቦ ማቆየት ደግሞ የሙያ ባልደረቦቻቸው ዕዳ ነው።