የመጫወቻ ፈቃድ፦ ጌሙ ተጭኖ እያለ ለምን አልከፈትም ይላል?

ፕሌይስቴሽን 4 ላይ አንድ ጌም ሃርድ ዲስኩ ውስጥ ተጭኖ ተቀምጦ ሳለ፣ ከስሙ ጎን ትንሽ የቁልፍ ምልክት ያወጣና አልከፈትም ይላል። ሲዲው ተጭሯል እንዳይባል ሲዲ የለውም፤ ከኢንተርኔት የወረደ ነው። ፋይሉ ጠፍቷል እንዳይባል ትናንት ማታ ሲጫወቱበት ነበር። የጌም ቤት ልጆች «ተቆለፈ» ይላሉ። ጠጋኞች «የላይሰንስ ችግር ነው» ብለው ያልፉታል። ገንዘብ ያወጣው ወላጅ ደግሞ «የገዛሁት ዕቃ እንዴት ይቆለፍብኛል?» ብሎ ይጠይቃል። ተገቢ ጥያቄ ነው። መልሱ ያለው ላይሰንስ በሚለው ቃል ውስጥ ስለሆነ፣ ቃሉን እዚህ «የመጫወቻ ፈቃድ» ብለን እናብራራዋለን።

ላይሰንስን ፈቃድ ማለት እንግዳ አይደለም፤ የመንጃ ፈቃድ፣ የንግድ ፈቃድ፣ የሙያ ፈቃድ ስንል ኖረናል። «ቁልፍ» ቢባል የሚመርጡ አሉ። ቁልፍ ግን የያዘው ሁሉ የሚከፍትበት፣ ለጎረቤትም የሚያቀብለው ነገር ነው፤ ይኼኛው እንደዚያ አይደለም። የሚመስለው ሱቅ ግድግዳ ላይ በፍሬም የተሰቀለውን የንግድ ፈቃድ ነው። በማን ስም እንደወጣ ተጽፎበታል፣ የሚሠራበት አድራሻ አለበት፣ ቀን አለበት። አንዱ ከተፋለሰ ዕቃው መደርደሪያ ላይ እንዳለ ሱቁ ይታሸጋል። የመጫወቻ ፈቃድም ስሙ የገዢው አካውንት ነው፤ አድራሻው ማሽኑ ነው፤ ቀኑን የሚናገረው የማሽኑ ሰዓት ነው።

ጌሙና ፈቃዱ ሁለት የተለያዩ ፋይሎች ናቸው። ጌሙ ትልቁ ነው፤ የፕሌይስቴሽን 4 ፊፋ ብቻውን ወደ 40 ጊጋባይት ይጠጋል። ይህ ፋይል የተመሰጠረ ስለሆነ ለብቻው አይነበብም። ፈቃዱ ከአንድ የስልክ ፎቶ እንኳ በብዙ እጥፍ የሚያንስ ፋይል ነው፤ ምስጢሩን ለመፍታት የሚያስፈልገው መረጃ ያለው እሱ ላይ ነው። ማሽኑ ጌሙን ከመክፈቱ በፊት ያችን ትንሽ ፋይል ይፈልጋል። ካጣት፣ ወይም የሌላ አካውንት ወይም የሌላ ማሽን ሆና ካገኛት፣ የቁልፉን ምልክት ያወጣል። ስለዚህ አብዛኛውን ጊዜ የጎደለው ትንሹ ነው፤ ትልቁ በቦታው አለ። በሞባይል ዳታ ለሚኖር ሰው ከዚህ ሁሉ ማብራሪያ የሚበልጠው ቁም ነገር ይኼ ነው።

ትንሹ ፋይል ለምን እንደሚጎድል ለማየት ቂሊንጦን እንውሰድ። ቂሊንጦ ሲባል ብዙ ሰው የሚያስታውሰው ማረሚያ ቤቱን ነው። ዛሬ ግን አካባቢው የአዲስ አበባ ሳይንስና ቴክኖሎጂ ዩኒቨርሲቲ፣ የሃይኒከን ቢራ ፋብሪካ፣ ለመድኃኒት አምራቾች የተሠራው የኢንዱስትሪ ፓርክ እና ሰፋፊ የኮንዶሚኒየም መንደሮች ያሉበት ነው። ከመሃል ከተማ ርቆ የሚኖር ወጣት የሚዝናናው ቅርቡ ባለው ነው፤ ከኮንዶሚኒየሙ ሥር በተከራየ ጠባብ ክፍል ውስጥ ጥቂት ቴሌቪዥኖች ይደረደራሉ፣ በጨዋታ ይከፈላል፣ የተሸነፈ ጆይስቲኩን ያስረክባል። ማሽኑ በአብዛኛው አዲስ አይደለም። ዘመድ ከዱባይ ወይም ከአሜሪካ ያመጣው፣ አለዚያም ያገለገለ ተብሎ የተገዛ ነው። ውስጡ ላሉት ጌሞች ፈቃዱ የወጣው ደግሞ በዘመዱ ወይም በሻጩ ስም ነው።

ለዚህ አንዱ ምክንያት የፕሌይስቴሽን ሠሪው ሶኒ ራሱ ነው። የፕሌይስቴሽን ኔትወርክ አካውንት ሲከፈት አገር ያስመርጣል፤ ኢትዮጵያ ዝርዝሩ ውስጥ የለችም። እዚህ ያለው አካውንት አሜሪካ፣ እንግሊዝ ወይም ኤምሬትስ ተብሎ የተከፈተ ነው፤ አገሩ አንዴ ከተመረጠ በኋላ አይቀየርም። ገንዘብ የሚሞላበት ካርድም የዚያው አገር መሆን አለበት፤ በአሜሪካ አካውንት ላይ የኤምሬትስ ካርድ አይሠራም። እዚህ ያለ ሰው ደግሞ በባንክ ካርዱ ውጭ አገር መክፈል ለረጅም ጊዜ ሲቸግረው ስለኖረ፣ «ያንተ አካውንት ላይ ግዛልኝ» ማለት ልማድ ሆነ። ከፋዩ እዚህ፣ ባለፈቃዱ እዚያ።

ውጤቱን ቂሊንጦ አንድ ጌም ቤት ቁጭ ብዬ አይቼዋለሁ። ፊፋው ተቆልፏል። የቤቱ ባለቤት የአካውንቱን የይለፍ ቃል ያውቃል፤ አስገባ። ማሽኑ የማረጋገጫ ቁጥር ጠየቀው። ቁጥሩ የሚላከው ዱባይ ያለው ወንድሙ ስልክ ላይ ነው፤ ወንድሙ ሥራ ላይ ነው። በኢሞ ተደወለ፣ አላነሳም። ልጆቹ ጆይስቲኩን ጭናቸው ላይ አድርገው የተቆለፈውን ምልክት ያያሉ። በመጨረሻ ቁጥሩ መጣ፣ ግን ጊዜው አልፎበት ማሽኑ አልቀበልም አለ፤ ሌላ ተልኮ ሠራ። ከዚያ በኋላ ጥገናው ራሱ የፈጀው ከሁለት ደቂቃ አይበልጥም። ከሰዓት በኋላውን የበላው ስሙ እንጂ ማሽኑ አልነበረም።

ያ የሁለት ደቂቃ ሥራ ይኼ ነው። ማሽኑ ከኢንተርኔት ጋር ይገናኛል፤ የስልክ ሆትስፖት ይበቃል። ጌሙን የገዛው አካውንት ተጠቃሚ ሆኖ ይገባል፤ በሌላ አካውንት ገብቶ መሞከር ከንቱ ነው። ከዚያ ሴቲንግስ፣ አካውንት ማኔጅመንት፣ ሪስቶር ላይሰንስስ። ማሽኑ በዚያ አካውንት የተገዛውን ሁሉ ከሶኒ አገልጋይ ጠይቆ ትንንሾቹን ፋይሎች መልሶ ያወርዳል፤ የሚበላው ዳታ እዚህ ግባ የሚባል አይደለም። የማሽኑ ሶፍትዌር ካረጀ ግን ኔትወርኩ አያስገባም፤ መጀመሪያ አፕዴት ይፈልጋል። አፕዴቱ ወደ ግማሽ ጊጋባይት ስለሆነ ነፃ ዋይፋይ ያለው ጓደኛ ከሶኒ ድረ ገጽ አውርዶ በፍላሽ ቢያመጣው ይረክሳል።

አሁን አንድ ነገር በግልጽ ልናገር። ብዙ ጠጋኝ የቁልፉን ምልክት ሲያይ የሚቸኩለው ፎርማት ለማድረግ ነው። ፎርማት ትልቁንም ትንሹንም ያጠፋል። ሁለት ደቂቃ የሚፈጀውን ሥራ ወደ 40 ጊጋባይት ማውረድ ይለውጠዋል፤ በፓኬጅ ሲሰላ ቀላል ወጪ አይደለም። ፈቃዱን ሳይሞክር ማሽን ፎርማት የሚያደርግ ሰው አልጠገነም፤ አክስሯል።

ሪስቶር ካልፈታው የአድራሻው ጉዳይ ይመረመራል። ፕሌይስቴሽን 4 ላይ አንድ አካውንት አንድ ዋና ማሽን ብቻ ይኖረዋል። በዋናው ማሽን ላይ ማንኛውም ተጠቃሚ፣ ኢንተርኔት ባይኖርም፣ በአካውንቱ የተገዛውን ጌም ይጫወታል። ዋና ባልሆነ ማሽን ላይ ግን የሚጫወተው ባለአካውንቱ ብቻ ነው፤ ማሽኑም ከኔትወርክ ጋር ተገናኝቶ ፈቃዱን ማረጋገጥ አለበት። ዱባይ ያለው ወንድም አዲስ ማሽን ገዝቶ እሱን ዋና ካደረገ የቂሊንጦው ማሽን አድራሻውን ያጣል። «ዋይፋይ ባገናኘሁት ቁጥር ተቆለፈብኝ» የሚሉ ሰዎች ነገር ብዙውን ጊዜ ይኼ ነው፤ ማሽኑ ወሬውን የሚሰማው ሲገናኝ ነው። መፍትሔው እዚያው አካውንት ማኔጅመንት ውስጥ «አክቲቬት አዝ ዩር ፕራይመሪ ፒኤስ4» የሚለው ነው። የቀድሞው ማሽን ከእጅ ወጥቶ ከሆነ በድረ ገጽ ሁሉንም ማሽኖች በአንዴ መሰረዝ ይቻላል፤ ግን በ6 ወር አንዴ ብቻ ነው የሚፈቀደው።

ቀኑም ይታይ። እጁ ላይ ያለውን የኢትዮጵያ ዓመተ ምሕረት ማሽኑ ላይ የሞላ ሰው ማሽኑን 7 ወይም 8 ዓመት ወደ ኋላ መለሰው ማለት ነው፤ እንዲህ ቀኑ የተዛባ ማሽን ከአገልጋዩ ጋር መግባባት ሊያቅተው ይችላል። ሴቲንግስ ውስጥ ቀንና ሰዓት ከኢንተርኔት እንዲሞላ ማድረግ ይበቃል። ሰዓቱን መብራት በሌለበት የሚያቆየው ሰሌዳው ላይ ያለ ሲአር2032 የሚባል ሳንቲም የሚያህል ባለ 3 ቮልት ባትሪ ነው፤ በየሰዓት ሠሪው ዘንድ ይገኛል። ማሽኑ ካረጀ ባትሪው ይሞታል። በድሮው ሶፍትዌር ባትሪው የሞተበት ፕሌይስቴሽን 4 ከኔትወርክ ካልተገናኘ ሲዲ እንኳ አያጫውትም ነበር፤ ሶኒ ይህን ያስተካከለው እ.ኤ.አ. በመስከረም 2021 ባወጣው 9.00 አፕዴት ነው።

መብራት ድንገት ሲጠፋ የሚበላሸው ደግሞ ሌላ ነው፦ ፈቃዱም ጌሙም አለ፣ ማሽኑ ግን የት እንዳስቀመጣቸው ይጠፋዋል። ማሽኑን ሙሉ በሙሉ አጥፍቶ፣ ሁለተኛው «ጢጥ» እስኪሰማ ድረስ ማብሪያውን ተጭኖ መያዝ፣ ጆይስቲኩን በገመድ ማገናኘት፣ ከሚመጣው ዝርዝር 5ኛውን «ሪቢልድ ዳታቤዝ» መምረጥ። ይህ ጌም አያጠፋም። ከሥሩ ያሉትን ግን ሳያነቡ አይንኩ፤ ሁሉንም የሚሰርዙት እዚያ ናቸው።

ፕሌይስቴሽን 3 ላይ ሕጉ ይለያል። አንድ አካውንት በሁለት ማሽን ላይ ይሠራል፤ እስከ እ.ኤ.አ. ኅዳር 2011 ድረስ አምስት ነበር። ይህ ማሽን የወጣው እ.ኤ.አ. በ2006 ስለሆነ የዛሬውን የማረጋገጫ ቁጥር አያውቅም፤ አካውንቱ በሁለት ደረጃ ማረጋገጫ የተጠበቀ ከሆነ ከድረ ገጹ ለማሽኑ ልዩ የይለፍ ቃል ማውጣት ያስፈልጋል። ሶኒ በ2021 የዚህን ማሽን ሱቅ ሊዘጋ አስታውቆ ተጠቃሚዎች ስለተቆጡ ሐሳቡን ሰርዟል። ሁሉም እንዲህ አልታደለም፤ የኔንቴንዶ 3ዲኤስ እና ዊ ዩ ሱቆች በመጋቢት 2023፣ የኤክስቦክስ 360 ሱቅ ደግሞ በሐምሌ 2024 ተዘግተዋል። ፊፋን የሚሠራው ኢኤ በ2023 ስሙን ሲቀይር አሮጌዎቹን ፊፋዎች ከዲጂታል ሱቆች አውርዷል። ቀድሞ የገዛ ሰው ፈቃዱን ይዞ ይቀጥላል፤ አካውንቱን ያጣ ሰው ግን ዳግም ልግዛ ቢል የሚሸጥለት የለም።

እንግዲህ ወላጁ ለጠየቀው ጥያቄ ሐቁ ይኼ ነው፦ ጌሙ አልተሸጠለትም፤ እንዲጫወት ተፈቀደለት እንጂ። የሶኒ ውል ራሱ ሶፍትዌሩ በፈቃድ እንደሚሰጥ እንጂ እንደማይሸጥ ይናገራል። የካሊፎርኒያ ግዛት ይህ ገዢን ያሳስታል ብላ፣ ዲጂታል ሱቆች የሚሰጡት ባለቤትነት ሳይሆን ፈቃድ መሆኑን በግልጽ እንዲናገሩ የሚያስገድድ ሕግ ከጥር 2025 ጀምሮ ሥራ ላይ አውላለች። ሕጉ ለእኛ አይደርስም። ፈቃዱ ለግል መጫወቻ እንጂ ለንግድ እንዳልተሰጠም የጌም ቤት ባለቤቶች ማወቅ አለባቸው። በክራክ የተከፈተ ማሽን ፈቃድ አይጠይቅም፤ የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ግን ለሶፍትዌርም ጥበቃ ይሰጣል።

ያገለገለ ማሽን ሊገዙ ከሆነ ውስጡ ስንት ጌም እንዳለ ከመጠየቅዎ በፊት ፈቃዱ በማን ስም እንደሆነና የማረጋገጫ ቁጥሩ ወደ ማን ስልክ እንደሚሄድ ይጠይቁ። መልሱ «የወንድሜ» ከሆነ ዋጋውን ጌም እንደሌለው አድርገው ይደራደሩ። ማሽኑ እቤት በገባ ዕለት በራስዎ ኢሜይል አዲስ አካውንት ይክፈቱ፤ ሁለት ደረጃ ማረጋገጫውን ሲያበሩ የሚሰጡትን የመጠባበቂያ ኮዶች ወረቀት ላይ ጽፈው ያስቀምጡ፤ ከዚያ በኋላ የሚገዙትን ሁሉ በዚያው ስም ይግዙ። ሲዲ ካገኙ ደግሞ ሲዲውን ይምረጡ፤ እሱ እንደ ቁልፍ የያዘው ሁሉ የሚከፍትበት ነው።